ከፊልሙ አይውጣ ያሉት ስሕተት

ዛሬ የምንሸኛቸው የድንገተኛ ሕክምና ሐኪም እኅታችን፣ ከልብስ ሰፊ አባታቸውና ከአዋላጅ እናታቸው የዛሬ ስድሳ አንድ ዓመት ተወልደው፣ ከአባታቸው የመቀስ አያያዝን፣ ከእናታቸው ደም አለመፍራትን ተምረው አደጉ። በትምህርታቸው ብርቱ ስለነበሩም ሕክምናን አጥንተው በማዕረግ ተመረቁ፤ ሻይ ማፍላት ግን እስከ መጨረሻው አልሆነላቸውም።

ሥራ ከያዙ በኋላ ጦርነት ወዳለበት ሁሉ ለመሄድ ፈቃደኛ በመሆን፣ በድንኳን፣ በትምህርት ቤት ክፍልና ጣሪያው በተበሳ መጋዘን ውስጥ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ቁስለኛ ሲያክሙ ኖሩ። የመጣውን ሁሉ ልብሱን ከላይ እስከ ታች በመቀስ ቀደው፣ ገልብጠው ጀርባውን ሳያዩ አያልፉም ነበርና ባልደረቦቻቸው «እመት መቀስ» ይሏቸው ነበር። ባገኟት የአሥር ቀን ዕረፍት ከሒሳብ መምህሩ ባለቤታቸው ጋር ሲጋቡ ለገዛ ሠርጋቸው ሁለት ሰዓት ዘግይተው ደርሰው፣ ሙሽራው ላብ በላብ ሆነው መጠበቃቸውን ዘመድ እስከ ዛሬ እየሳቀ ያወራዋል፤ ሁለት ሴት ልጆችም አፍርተዋል።

የሚከብደው ከዚህ በኋላ ያለው ነው። አንድ የዘጋቢ ፊልም ባለሙያ ሥራቸውን ሲቀርጽ በሰነበተበት ጊዜ፣ ለዓመታት አብረዋቸው የሠሩት ወዳጃቸው የአምቡላንስ ሾፌር ከባድ መሣሪያ ከሚተኮስበት ሰፈር ስድስት ቁስለኞች ይዘው መጡ፤ ሾፌሩ በእግራቸው ቆመው፣ እንደ ልማዳቸው እየቀለዱ፣ እኔ ደህና ነኝ፣ እነርሱን እዩልኝ ቢሏቸው፣ ዶክተሯ አምነዋቸው አግዳሚ ወንበር ላይ እንዲያርፉ አደረጉ። የማንንም ልብስ የማይምረው መቀስ የወዳጃቸውን ጃኬት ማረው። ከሥሩ ግን፣ ከትከሻቸው በታች፣ ጥፍር የምታህል የፍንጣሪ ቀዳዳ ነበረች፤ ሾፌሩም እዚያው እንደተቀመጡ አረፉ። ካሜራው ሁሉንም ቀርጾታል።

ፊልም ሠሪው አዝኖላቸው ያንን ክፍል ላውጣው ቢላቸው፣ ቤተሰቡም ስምሽ ይጠፋል እያለ ቢለምናቸው፣ ጆሮ ዳባ ልበስ አሉ፤ ከተደበቀ ነገ ሌላው ሐኪም ይደግመዋል ባይ ነበሩ። ፊልሙ ከመታየቱ በፊት ግን ሟቹ ሾፌር ቤት ሄደው ለሾፌሩ ባለቤት በገዛ አፋቸው ተናዘዙ። ሴትዮዋም በሩን ዘጉባቸው። ፊልሙ ጀማሪ ሐኪሞች የሚማሩበት ሆነ፤ የዚያ በር መዘጋት ግን ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ሲያንገበግባቸው ኖረ።

በመጨረሻም በጉበት ካንሰር ሰባት ወር ታመው፣ የሚያክሟቸውን ሐኪሞች ሳይቀር እያረሙ ቆይተው፣ ባለፈው ማክሰኞ ዐረፉ።

ይህ ጽሑፍ ሲሰናዳ ቤተሰቡ ፈርቶ የሾፌሩን ነገር ትቶት ነበር። ትናንት የሾፌሩ ባለቤት ልቅሶ ቤት መጡ፤ ይቅር ብያታለሁ አላሉም፤ ነገሩ እንዳለ እንዲነበብና ለእኅታችን ነፍስ ሲጸለይ የሟች ባለቤታቸው የሾፌሩም ስም አብሮ እንዲጠራ ብቻ ጠየቁ። አሁንም እዚሁ ከእኅታችን ልጆች አጠገብ ተቀምጠዋል።

ዶክተሯ ባለቤታቸውን፣ ሁለት ልጆቻቸውን፣ አንድ የልጅ ልጅና ይህን የሚያነበውን ታናሽ ወንድማቸውን ትተው ሄደዋል። ፈጣሪ የእኅታችንንና የሾፌሩን ነፍስ በአንድነት ያሳርፍልን።