የስምንተኛው ቀን ክር

በ1996 ዓ.ም. በጥር ወር ከደብረ ብርሃን ወደ መሐል ሜዳ ስመለስ የተሳፈርኩበት አውቶቡስ ጎማው ፈነዳ። ተቀያሪውም ጎማ አየር አልነበረውምና ረዳቱ በአንድ የጭነት መኪና ተንጠልጥሎ ሊያስነፋው ሄደ። እኛ ተሳፋሪዎች ነፋሱን ሽሽት ከመንገዱ ዳር ካለ የድንጋይ ካብ ሥር ተጠጋን። እኔ ያኔ በመሐል ሜዳ የሳይንስ መምህር ነበርኩ፤ ስሜም ፍሬው ይባላል። ከዚያ ካብ ሥር የሰማሁትን ክርክር ለተማሪዎቼ ሳልነግር ያለፈ ዓመት የለም።

ከአጠገቤ አንድ ሽማግሌ ከባለቤታቸው ጋር ተቀምጠዋል። አቶ ወልደ አማኑኤል ይባላሉ፤ በርኖስ ሰፊ ናቸው፤ ለቅዳሜ ገበያ ሁለት አዲስ በርኖስ ጠቅልለው ይዘዋል። ባለቤታቸው ወይዘሮ ጥሩሸዋ ነጠላቸውን እስከ አፍንጫቸው አውርደው ነፋስ ሽው ባለ ቁጥር ፊታቸውን በጉልበታቸው መካከል ይደብቃሉ። ትንሽ ቆይተው ሽማግሌው ከኪሳቸው ወረንጦ አወጡ፤ በጋቢያቸው ጫፍ ጠረጉት፤ የሚስታቸውን ነጠላ ገለጥ አደረጉና ወደ ውስጥ የታጠፈውን የዐይናቸውን ፀጉር አንድ በአንድ ይነቅሉ ጀመር። የሴትዮዋ እግር መሬቱን ይቧጥጥ ነበር።

ፊት ለፊታቸው የተቀመጠች አንዲት ወጣት አላስችላት አለ።

“አባቴ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ እንዲህ ሲነቅሉላቸው ስንት ጊዜዎ ነው?”

“አሥራ አንድ ዓመት። በየሁለት ሳምንቱ። ምነው ልጄ?”

“ትሕትና እባላለሁ፤ ነርስ ነኝ። የዐይን ቆብ ቀዶ ሕክምና ነው የምሠራው። የተነቀለው ፀጉር እኮ ተመልሶ ሲበቅል አጭርና ሻካራ ነው። ብሌናቸውን ከበፊቱ ይልቅ ይፈትገዋል።”

ሽማግሌው ወረንጦውን በመዳፋቸው ጨበጡና ቀና ብለው አዩዋት።

“ገባኝ። በመርፌ ልትሰፊያት ነው የፈለግሽው። ልጄ፣ ዐይን ስልቻ ነው እንዴ የሚሰፋው? ሠላሳ ዓመት ሰፍቻለሁ። መርፌ የት እንደሚገባና የት እንደማይገባ ለእኔ አይነገርም።”

“የምንሰፋው ዐይኑን አይደለም፤ ክዳኑን ነው።” ከተጠቀለሉት በርኖሶች የአንዱን ጫፍ በጣቶቿ ያዘች። “ይህ ጠርዝ ወደ ውስጥ ታጥፎ የለባሹን አንገት ቢወጋው ምን ያደርጋሉ?”

“እፈታውና ወደ ውጭ ገልብጬ እቀመቅመዋለሁ።”

“እኛም የምናደርገው ይህንኑ ነው። የዐይን ማዝ፣ ትራኮማ የምንለው፣ ለዓመታት ሲመላለስ የቆቡ ውስጠኛ ክፍል ጠባሳ ያበጅና ይኮማተራል፤ ጠርዙን ወደ ውስጥ ይስበዋል። ያን ጊዜ ፀጉሩ ብሌኑን ይወጋል። እኛ በማደንዘዣ ካደነዘዝን በኋላ ከጠርዙ ከፍ ብለን ቆቡን እንቀደዋለን፤ ጠርዙን ወደ ውጭ መለስ አድርገን በሦስት ቦታ በሐር ክር እንይዘዋለን።”

“በሦስት ብቻ?”

“ይበቃል። ዋናው ነገር አሳሳቡ ነው። ክሩን ካጠበቅነው ሥጋው ይታነቃል፤ ቆቡም አልከደን ይላል። ካላላነው ፀጉሩ ተመልሶ ይገባል። አንዱን ከሌላው አብልጠን ከሳብነው ደግሞ ጠርዙ ይንጋደዳል።”

ሽማግሌው ሳያስቡት ራሳቸውን ነቀነቁ። ሰው የሚያውቀውን ሥራ በሌላ ሰው አፍ ሲሰማ ደስ ይለዋል። ወዲያው ግን ፊታቸው ጠቆረ።

“አሰፋፉን ታውቂዋለሽ፤ አልክድም። ነገር ግን አበልጄ አማከለች እንዲሁ ተሰፍታ ነበር። የግራ ዐይኗ ታመመ፣ መገለ፣ በመጨረሻም ጠፋ። በዐይኔ ያየሁትን አታስክጂኝም።”

ሲስተር ትሕትና የያዘችውን በርኖስ ለቀቀችው።

“ባለፈው ዓመት፣ በኅዳር?”

“በኅዳር። በምን አወቅሽ?”

“የሰፋኋቸው እኔ ነኝ። በስምንተኛው ቀን ክሩን ላወጣላቸው ጀምበር እስክትጠልቅ ጠበቅኋቸው። አልመጡም። አባቴ፣ ክሩ በስንተኛው ቀን ወጣላቸው?”

ሽማግሌው ወረንጦውን ከአንድ እጃቸው ወደ ሌላው አዛወሩ።

“አልወጣም” አሉ። “በቅሎ አስጭና ልትመጣ ስትል የመለስኳት እኔ ነኝ። የተሰፋን ነገር የሚይዘው ክሩ ነው፤ ከተመዘዘ ይተረተራል፤ ዐይንሽ ይፈሳል አልኳት። የመርፌ ሰው ነኝና አመነችኝ።”

ያላወቀ ሰው የሚያደርሰውን ጥፋት ብዙ ጊዜ አይቻለሁ። የአቶ ወልደ አማኑኤል ግን ከዚያ ይከፋል፤ አንዱን ነገር ጠንቅቀው ማወቃቸው ነው በሌላው ያሳሳታቸው።

ሲስተር ትሕትና ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ተናገረች። “አባቴ፣ ጨርቅ ሙት ነው። ክሩ ዕድሜ ልኩን ካልያዘው በራሱ አይገጥምም። ሥጋ ግን ሕያው ነው፤ በስምንት ቀን እርስ በርሱ ይያያዛል። ከዚያ ወዲያ ክሩ በገላ ውስጥ እንደ ቀረ እሾህ ነው። መግል ያበጃል፤ በውስጥ በኩል ያለውም ብሌኑን እየፋቀ ያቆስለዋል። ወይዘሮ አማከለችን የጎዳቸው ሳይወጣ የቀረው ክር ነው።”

“እኔ ነኝ በይኝ እንጂ።”

“እኔም አለሁበት። ያን ዕለት ሃያ ሦስት ሰው ሰፋሁ። ቀኑን በወረቀት ጽፌ ሰጠኋቸው፤ ማንበብ ይችሉ እንደሆነ አልጠየቅኋቸውም። ክሩ ለምን እንደሚወጣ አልነገርኳቸውም። ነግሬያቸው ቢሆን እርስዎ ሲመልሷቸው ምክንያቱን ነግረውዎ ይመጡ ነበር።”

ይህን ጊዜ ወይዘሮ ጥሩሸዋ ነጠላቸውን ከፊታቸው አነሱ። ዐይኖቻቸው ቀልተው ያነባሉ፤ የቀኙ ብሌን ላይ እንደ እርጎ ያለ ነጭ ተጋርዶበታል።

“ስለኔ ዐይን ስትከራከሩ እኔን የጠየቀኝ የለም” አሉ። “ልጄ፣ ስፊኝ። የቀኙ ካለፈው ፍልሰታ ወዲህ አያይም። ግራው ሳይከተለው ስፊኝ።”

“አያይም?” አሉ ባላቸው። “ከፍልሰታ ወዲህ? ምነው ሳትነግሪኝ?”

“አንቱ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ወረንጦውን ይዘው ሲደክሙልኝ እያየሁ ምን ብዬ ልንገርዎ?”

አቶ ወልደ አማኑኤል ወረንጦውን መሬት ላይ አስቀመጡና ሁለት እጃቸውን በጋቢያቸው ውስጥ ከተቱ። ጎማው ተነፍቶ መጣ። አውቶቡሱ ላይ ስንወጣ ሽማግሌው ሲስተር ትሕትናን “መቼ እናምጣት?” ብለው ጠየቋት።

በቀጣዩ ሳምንት፣ ማክሰኞ ዕለት፣ ወይዘሮ ጥሩሸዋ ሲስተር ትሕትና በምትሠራበት ጤና ጣቢያ አልጋ ላይ ተኙ። እኔም ቀኑን ላስታውሳቸው አውቶቡሱ ላይ ቃል ገብቼላቸው ነበርና አብሬያቸው ሄድኩ። ማደንዘዣው ሲወጋ አቃሰቱ፤ ከዚያ በኋላ ግን ክሩ ሲሳብ ብቻ እንደሚሰማቸው ነገሩን። ሲስተር ትሕትና አንድ ቆብ በጨረሰች ቁጥር ጠርዙ ሳይንጋደድ መቀመጡን ጎንበስ ብላ ታያለች፤ አንዱን ክር አልወደደችውምና ፈታ እንደገና ሰፋችው። ስትጨርስ ባልና ሚስቱን አንድ ላይ አስቀምጣ፣ ክሩ ለምን እንደገባና ለምን እንደሚወጣ ነገረቻቸው፤ ከዚያም ሽማግሌውን “አሁን እርስዎ ይንገሩኝ” አለቻቸው። እንደ ተማሪ ቃል በቃል መለሱላት።

በስምንተኛው ቀን ጎሕ ሲቀድ ተነሥተው ሚስታቸውን በበቅሎ አመጡ። ክሮቹ በትንሽ መቀስ እየተቆረጡ ወጡ። ቆቡ አልተተረተረም። የወይዘሮ ጥሩሸዋ ግራ ዐይን ከመወጋት ዳነ፤ ድሮ ያይ የነበረውን ያህልም ማየቱን ቀጠለ። የቀኙ ሕመሙ ቀረለት፤ ብርሃኑ ግን አልተመለሰም። “ባለፈው ዓመት መጥታ ቢሆንስ?” ብለው ሽማግሌው ጠየቁ። ሲስተር ትሕትና ልታጽናናቸው ብላ አልዋሸችም። “ምናልባት ይተርፍ ነበር” አለቻቸው።

ያን ዕለት ሽማግሌው ከጤና ጣቢያው በቀጥታ ወደ ወይዘሮ አማከለች ቤት ሄዱ፤ አብሬያቸው እንድሄድም ለመኑኝ። ወይዘሮ አማከለች ደጃፋቸው ላይ ተቀምጠው የበግ ፀጉር ይፈትላሉ። የግራ ዐይናቸው ጎድጉዶ ተከድኗል። ሽማግሌው ቆመው፣ ሳይቀመጡ፣ ሁሉንም ነገሯቸው። ክሩ መውጣት ነበረበት፤ ያስቀረሁዎት እኔ ነኝ፤ ዐይንዎን ያጠፋሁት እኔ ነኝ አሉ። አበልጅ ናቸውና ሁልጊዜ አንቺ ይሏቸው ነበር፤ ያን ዕለት ግን አንቱ አሏቸው።

ወይዘሮ አማከለች መፍተላቸውን አላቋረጡም። እንዝርቱ ጥቂት ከዞረ በኋላ፣ “ቀኙም ፀጉር ገብቶበታል” አሉ። “ለሰው አልተናገርኩም፤ ፈርቼ ነው። እርስዎ ይወስዱኛል። በስምንተኛውም ቀን እርስዎ ይወስዱኛል።”

አንባቢዬ ሆይ፣ ከዚህ የምንማረው ብዙ ነው። የልጆቻችንን ፊት ጠዋት ማታ በውኃ ብናጥብ፣ ከብቱንና ጭሱን ከምንተኛበት ብናርቅ፣ ደጃችንንም ከዝንብ ብናጸዳ ማዙ ገና ከመነሻው አይጠናብንም ነበር። ፀጉሩ ከገባ ደግሞ ወረንጦ መድኃኒት እንዳልሆነ እንወቅ፤ ሐኪም ዘንድ ፈጥነን እንሂድ፤ ክር የሚወጣበት ቀን ሲደርስ ሐዘንም ይሁን አዝመራ አያስቀረን። ተምረናል የምንልም ለሕዝቡ ቀኑን ብቻ ጽፈን አንስጥ፤ ምክንያቱንም እንንገር። ሰው ምክንያቱን ካወቀ ማንም ከመንገድ አይመልሰውም።

አቶ ወልደ አማኑኤል ወይዘሮ አማከለችን ወሰዱ፤ በስምንተኛውም ቀን ወሰዱ። ቀኝ ዐይናቸው ተረፈ። ከዚያ ወዲህ ከቀበሌያቸው አሥራ አራት ሰው ታክሟል፤ የሁሉንም ስምንተኛ ቀን የሚይዙት ሽማግሌው ናቸው፤ እየዞሩ በየደጁ ይጣራሉ። ወይዘሮ አማከለች ግን “ይቅር ብዬዎታለሁ” የሚል ቃል እስከ ዛሬ ከአፋቸው አልወጣም። ሽማግሌውም ይቅር በሉኝ ብለው አልጠየቋቸውም።