ከመነሻው መምህር ያልነበረች

የሥራ ክርክር በሚታይበት ችሎት በር ላይ፤ ከሥራ የተሰናበተችው የኬሚስትሪ መምህርት እማዋይሽ እና ያሰናበታት የወረዳው ትምህርት ጽሕፈት ቤት ኃላፊ ስጦታው ተራቸው እስኪጠራ ይጠብቃሉ።

እማዋይሽ፦ አልተውም አልኩህ! ክሱን አልተውም። ስንቴ ልንገርህ?

ስጦታው፦ ወይዘሮ እማዋይሽ፣ ለእርስዎው ብዬ ነው። ዳኛ ፊት ቆመው ከሚዋረዱ...

እማዋይሽ፦ ደግሞ ወይዘሮ ሆንኩልህ?

ስጦታው፦ ታዲያ ምን ልበል? መመሪያው ግልጽ ነው። የኬሚስትሪ ዲግሪ አለዎት፤ የማስተማር ሙያ ሥልጠና ግን የለዎትም። ሥልጠናው የሌለው መምህር አይባልም።

እማዋይሽ፦ መመሪያው የወጣው አምና ነው። እኔ የተቀጠርኩት አንተ በቁምጣ ስትሯሯጥ! በዚህ ከተማ ኬሚስትሪ የሚያስተምር ጠፍቶ፣ ቤቴ ድረስ መጥታችሁ ለምናችሁኝ አይደል?

ስጦታው፦ እኔ አልለመንኩም። የለመነዎት ሰውዬ ጡረታ ወጥቷል፤ እሱን ይክሰሱት።

እማዋይሽ፦ ምላስህ ብቻ!

ስጦታው፦ ሥልጠናውን ይውሰዱ ሲባሉስ የት ነበሩ?

እማዋይሽ፦ ክረምት በመጣ ቁጥር አመለከትኩ። «ለተፈታኞቹ ማጠናከሪያ ማን ይስጥ?» እያለ ያስቀረኝ የናንተው ቢሮ ነው። ክረምቴን በላችሁና አሁን አልሠለጠነችም ትሉኛላችሁ። አታፍሩም?

ስጦታው፦ እንግዲያው ቁርጡን ይስሙ። ዛሬ የምንከራከረው ስለ ስንብቱ ብቻ አይደለም። ቅጥሩ ከመነሻው ስህተት ነበር ነው የምንለው። መምህር ሆነው አያውቁም። የሠሩበት ዘመን ለጡረታም አይያዝ።

እማዋይሽ፦ ከመነሻው?

ስጦታው፦ ከመነሻው። ክሱን ከተዉ ግን ቤተ ሙከራ ውስጥ ብልቃጥ የሚያጥብ ሰው እንፈልጋለን። እሱ ሥልጠና አይጠይቅም።

እማዋይሽ፦ እስቲ ድገመው፤ እዚያ ገብተህ እንዳይጠፋህ። አንድ ቀን እንኳ መምህር አልነበርኩም?

ስጦታው፦ አንድ ቀን እንኳ!

እማዋይሽ፦ ኮሌጅ እያለህ ለማስተማር ልምምድ የተላክኸው የማን ክፍል ነበር?

ስጦታው፦ እሱ... እሱ ሌላ ጉዳይ ነው።

እማዋይሽ፦ ምኑ ነው ሌላ? ጠመኔ ይዘህ ላብ ሲያጠምቅህ ተማሪውን ጸጥ ያሰኘሁልህ እኔ አይደለሁም? ውጤትህንስ ማን ሞላልህ? ኮሌጁ መምህር ይሙላው ነበር ያለው። እኔ መምህር ካልነበርኩ አንተም ልምምዱን አላለፍክም። ያንተም ሥልጠና ጎደሎ ነው።

ስጦታው፦ ዝም በይ! ሰው ይሰማል!

እማዋይሽ፦ ተመስገን፣ «እርስዎ» ማለቱ ቀረ።

ስጦታው፦ ቲቸር፣ ኧረ ተይ። እኔን ብቻ የምትጥይ መሰለሽ? ዛሬ መምህር የሆኑት ዝናሽም ሰይድም እዚያው አንቺ ክፍል ነው የተለማመዱት። ዝናሽ ደግሞ ልጆቿን የምታሳድገው ብቻዋን ነው። ምን በደሉሽ?

እማዋይሽ፦ እነሱን አታንሳብኝ።

ስጦታው፦ አየሽ? አውቅሻለሁ እኮ፤ አንጀትሽ አይችልም።

እማዋይሽ፦ አዎ፣ አይችልም። ለዚህ ነው ለጠበቃዬ እንኳ ያልነገርኩት።

ስጦታው፦ ተባረኪ! በቃ ክሱን...

እማዋይሽ፦ አልጨረስኩም! ደግሞም አንተ ራስህ ታፍራለህ ብዬ ነበር። ተሳስቻለሁ። አንተ ሰው ፊት ካልሆነ የማታፍር ሰው ነህ።

ስጦታው፦ ተጠራን። በናትሽ፣ ምን ልትዪ ነው?

እማዋይሽ፦ ዛሬ መልስ የምትሰጠው አንተ ነህ። ግባና «መምህር ነበረች» በል፤ ማንም አይወድቅም። አልነበረችም ካልክ ግን ዝናሽንም ሰይድንም ያባረርካቸው አንተ ነህ፤ ስትወጣ ራስህ ሄደህ ትነግራቸዋለህ።