ማዱራይን ያለ ጫማ

በደርግ ጊዜ ሐዋሳ አስተማሪ ነበርኩ። የሒሳብ መምህራችን ህንዳዊው ሚስተር ራማን አንድ ቅዳሜ የትውልድ ከተማውን ማዱራይን በስላይድ ሊያስጎበኘን አዳራሽ ሰበሰበን። አስተርጓሚው እኔ ነበርኩ። የቀበሌያችን ካድሬ ፊት ለፊት ተቀምጦ፣ «ገበያውን ያሳየን፤ ሃይማኖት ካመጣ ግን መብራት አስበርቼ ሪፖርት አደርገዋለሁ፤ ኮንትራቱም አይታደስም» አለኝ። የዚያ ዓመት የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪዎች ሌላ የሒሳብ አስተማሪ አልነበራቸውም።

መጋረጃው ተዘጋ። የአበባ ገበያውንና የድሮውን ቤተ መንግሥት በሰላም አለፍን። ቀጥሎ አንድ ትልቅ ቤተ መቅደስ ግድግዳውን ሞላው። ሚስተር ራማን በሩ ላይ የደረሰ ይመስል፣ «ከዚህ ወዲያ ጫማ ይወልቃል» አለ። ምን ላድርግ፣ ተረጎምኩት። በጨለማው ውስጥ ጫማ ሲወልቅ ተሰማኝ፤ ተማሪዎቹ የሚቀልዱ መስሎኝ ነበር። ወዲያው ካድሬው «መብራት!» ብሎ ተነሣ። ኮንትራቱ አለቀለት አልኩ።

መብራቱ ሲበራ ካድሬው በካልሲ ቆሟል። አንዲት ተማሪ ከኋላ፣ «ጓድማ ቀድመውን ገብተዋል!» አለች። አዳራሹ በሳቅ ተናወጠ። እሱ እግሩን ቁልቁል ሲያይ ቆየና ወደ እኔ ጠጋ ብሎ፣ «ልጅ ሆኜ ቤተ ክርስቲያን በር ላይ የለመድኩት ነው፤ ሳላስበው ነው» አለኝ በሹክሹክታ።

«ታዲያ ሪፖርቱ ላይ ምን ተብሎ ይጻፍ፣ ጓድ?»

«ኪነ ሕንፃ» አለ፣ ጫማውን ከወንበሩ ሥር በእግሩ እየፈለገ። «መብራቱን አጥፉትና ይቀጥል።»