ሚስ ሃልቨርሰንን ማን ሸኛቸው?

ክቡራትና ክቡራን፣ አለቃችን አቶ አወል፣ አሮጊትና ሽማግሌ በመንከባከብ አብራችሁኝ የደከማችሁ ባልደረቦቼ፤ በዚህ ዝናብ፣ አንዳንዶቻችሁም ሺፍት ቀይራችሁ፣ ለእኔ ብላችሁ ስለመጣችሁ እግዜር ይስጥልኝ። አቶ አወል "ሽኝት እናድርግልዎ" ሲሉኝ ለወጉ እንኳ አልተግደረደርኩም። ምክንያት አለኝ፤ እነግራችኋለሁ።

ካፒቶል ሂል ሰፈር ያለውን የሃልቨርሰኖችን ቤት የምታውቁት ታውቁታላችሁ። የሠራሁት እዚያ ነው። እህትማማቾች ናቸው። ታላቅየዋ ሚስ ኢንገር አሁንም አሉ። ታናሽየዋ ሚስ ዶርቲ ባለፈው ጥቅምት አርፈዋል።

ሚስ ዶርቲ ደራሲ ነበሩ። የዓሣ አጥማጅ ልጅ ናቸው፤ ገና በወጣትነታቸው ባሏን ባሕር ስለበላባት ሴት ልብ ወለድ ጻፉና ስማቸው ወጣ። ኒውዮርክ ሄደው ሁለት መጽሐፍ ጨመሩ። ከዚያ ድንገት መጻፍ ትተው የሌላ ሰው ድርሰት የሚያርሙ አርታኢ ሆኑ። ሠላሳ ዓመት! ዓይናቸው ሲደክም ወደ እህታቸው ወደ ሲያትል ተመለሱ፤ ከዚያ ወዲያ የምታነብላቸው እኔ ሆንኩ። በእኔ እንግሊዝኛ! ሳቁ፣ ግድ የለም፤ እሳቸውም ይስቁ ነበር።

አንድ ዓመል ግን ነበረባቸው። የማንንም መጽሐፍ የመጨረሻ ገጽ ይሰርዛሉ። "የኔነሽ፣ ሰው መሰናበት አያውቅበትም። ይንዛዛል፣ ይዋሻል። በሩ ጋ ሲደርስ ቁረጪው" ይሉኛል።

አንድ ቀን አንድ ሽማግሌ ደራሲ ሊጠይቃቸው መጣ። ሻዩን ሳይነካ "ዶርቲ፣ የሰረዝሽብኝን ገጽ እስከ ዛሬ እጽፈዋለሁ፤ የልብ ወለዴ ሰውዬ ከዚያ ቤት አልወጣ አለኝ" አላቸው። እሳቸው ሳቁ። እንግዳውን እስከ መንገዱ ሸኝቼ ስመለስ፣

"እናንተ ሰዎች ለምንድን ነው እንግዳ ተከትላችሁ የምትወጡት? በሩን አያውቀውም?" አሉኝ።

"እንዲሄድ ነው" አልኳቸው። "ያልተሸኘ ሰው ሄደ አይባልም።"

ሲሞቱ ግን ተናዝዘው ነበር፤ ጸሎት የለም፣ አበባ የለም፣ ማንም እንዳይመጣ። የራሳቸውንም የመጨረሻ ገጽ ሰረዙት። ከቀብር ድርጅት የመጡ ሁለት ሰዎች ይዘዋቸው ወጡ፤ አስክሬናቸው ተቃጥሎ አመዳቸው በፖስታ መጣ። በፖስታ! እኛ የማናውቀው ሰው ቤት እንኳ ለቅሶ እንደርስ የለም?

ከዚያ ወዲህ ጠዋት ስገባ በሩ ሥር ወለሉ ርጥብ ነው። ጣሪያው አያፈስም፤ ሰው ጠርቼ አሳይቻለሁ። ካፖርት የለበሰ ሰው ከዝናብ ገብቶ ሲቆም የሚንጠባጠበው ዓይነት ውሃ ነው። ሚስ ኢንገርን "ማን መጥቶ ነው?" ብላቸው፣ ከሹራብ ሥራቸው ቀና ሳይሉ "ማንም አልመጣም። ዶርቲ ናት። ልትሄድ ትነሳለች፣ ግን አትሄድም" አሉኝ።

አርጅተዋል፣ ይቀባዥራሉ ብዬ ተውኩት። ታዲያ ባለፈው ወር ሲያመኝ ሰምሃል ተካችኝ። ሰምሃል ሚስ ዶርቲን በሕይወት አይታቸው አታውቅም፤ ቤቱ ውስጥ ፎቶግራፋቸው እንኳ የለም። ከሰዓት በኋላ ኮል አደረገችልኝ።

"እትዬ የኔነሽ፣ የሚጦር አንድ ክላየንት ብቻ ነው ያለው አላሉኝም? በሩ ላይ ግራጫ ካፖርት ለብሰው የቆሙት ማናቸው? ይግቡ ብላቸው አይመልሱልኝም።"

ሰምሃልዬ፣ አታቀርቅሪ፤ ማንም አይስቅብሽም። ከሰኞ ጀምሮ ያን ቤት የምትረከቢው አንቺ ነሽ። እኔ ጉልበቴ እምቢ ብሎኝ ኦበርን ከተማ ልጄ ኤዶም ጋ ልገባ ነው። አንቺን እዚያ በር ላይ ትቼሽ እንዴት ልሂድ? እንቅልፍ የነሳኝ ይሄ ነው። ፈርቻለሁም። ሰው በእጁ ያጠበውን፣ በእጁ ያጎረሰውን ሰው ይፈራል? ይፈራል።

ዛሬ ሥራዬን ጨርሼ ስወጣ በሩን ወለል አድርጌ ከፈትኩና "ሚስ ዶርቲ ሃልቨርሰን፣ ሽኝት ተጠርቻለሁ፤ አብረን እንሂድ" አልኩ። በአማርኛ ነው ያልኩት፤ እንግሊዝኛው ጠፋብኝ። አውቶቡሱ ጢም ብሎ ሰው ቆሞ ነበር፤ አጠገቤ ያለው ወንበር ላይ ግን ማንም አልተቀመጠም። ስወርድ ሾፌሩ "ሁለታችሁም ተጠንቀቁ፣ ያንሸራትታል" አለ። ዞሬ አላየሁም።

ዱሬሳ፣ በሩ ጋ ያለኸው አንተ ነህ፤ እስቲ ክፈትልን። ቀስ ብለህ። ወለሉን አትየው።

እንግዲህ ልመርቃችሁ። ወገባችሁ አይጉበጥ። አንስታችሁ የምታስቀምጡት አዛውንት ሁሉ ይመርቃችሁ። ልጆቻችሁ በእንግሊዝኛም ቢሆን ይመልሱላችሁ፤ ብቻ መመለሱን አይተዉ። ስታረጁ የሚያጎርስ እጅ አትጡ፤ ቀናችሁ ሲደርስ ደግሞ ከበር የሚያወጣችሁ ሰው አትጡ። በየሃይማኖታችሁ አሜን በሉ።

አሁን ሁላችሁም ብድግ በሉልኝ። ለእኔ ብቻ አይደለም። ጮክ ብላችሁ "መንገዱን ጨርቅ ያድርግልዎት" በሉ።

እሰይ፣ ኑሩልኝ።

ሚስ ሃልቨርሰን፣ ይቅደሙ። እኔ ከኋላዎ ነኝ።