በመምህሩ ፊት ላይ የዘነበው ብልጭልጭ

ና እስቲ ቁጭ በል፣ ወንድሜ። ሻይህንም እዚሁ አምጣው። ብታፈስም ማንም አይቆጣህም፣ ኪቦርዱ እንደሆነ ድሮም ግማሹ አይሠራም። ይሄ ቬንትሌተር ደግሞ ዛሬ ምን ነካው? መንጫጫት ብቻ። ጉልበትህ እንዴት ሆነ? ካሜራ ተሸክመህ ደረጃ አትውጣ ብልህ መች ትሰማኛለህ። እኔማ ደህና ነኝ። ቪዲዮ እቆርጣለሁ፣ እቀጥላለሁ፣ ዓይኔ ይፈዛል፣ ወደ ቤቴ እሄዳለሁ። ምን አዲስ ነገር አለ ብለህ ነው?

ምነው በዓይንህ ትጠቅሰኛለህ? ድምፄን ልቀንስ? ለምን ሲባል! እሱ እንደሆነ ጆሮ ማዳመጫውን አድርጓል። ኧረ እሱ ወደተቀመጠበት ወደ መስኮቱ አትዙር፣ ነውር ነው! ሥራ ላይ ያለ ሰው እንዲህ አፍጥጠው አያዩትም። ስክሪኑ ላይ ያለው ቪዲዮ ከቆመ ቆይቷል፣ እሱ ግን ጭንቅላቱን እየነቀነቀ ያዳምጣል... ጎበዝ ሰው የቆመውንም ይሰማል መሰለኝ። ለማንኛውም የማወራህ ስለሱ አይደለም። ሌላ መሥሪያ ቤት ስላለ ሰው ነው። እዚህ ስለሌለ፣ አንድ ብርቅ ሰው።

እዚያም እንደኛው ቪዲዮ ይሠራሉ አሉ። ምርቃት፣ ስብሰባ፣ ማስታወቂያ። አንዲት የግራፊክስ ልጅ ነበረቻቸው... ነበረች ልበል አለች ልበል፣ እሱን ቀትር ላይ እናውቃለን። የሰው ስም ከታች ተንሸራቶ ሲገባ፣ ፊደል እያበራ ሲወጣ፣ ብልጭልጭ ወረቀት ከላይ ሲዘንብ የምታየው ሁሉ የሷ እጅ ነው። ታዲያ አንድ ክፉ አመል ነበረባት። የሠራችውን ለደንበኛ ከመላኳ በፊት ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ቁጭ ብላ ታየዋለች! ስም ተሳስቶ እንደሆነ፣ ጽሑፉ የሰውየውን አገጭ ሸፍኖት እንደሆነ። በዚህ ዘመን፣ ታስበዋለህ? ጊዜ ማባከን ነው እንጂ።

ከዚያ ብርቁ ሰው የቴክኒክ ኃላፊ ሆኖ መጣላቸው። እንዴት ያለ ሰው መሰለህ! ምሳ ሳትበላ ንግግሩን ብትሰማ ትጠግባለህ። "ከእንግዲህ ማየት ቀረ" አላቸው። ነገሩን ኤፒአይ ይሉታል። ሩቅ ላለ ማሽን በኮድ ትእዛዝ ትልካለህ፤ ይሄን ቪዲዮ ውሰድ፣ ይሄን ስም፣ በዚህ ቴምፕሌት፣ ማለት ቀድሞ በተዘጋጀ ንድፍ፣ በዚህ ሰከንድ ላይ ደርብልኝ ትለዋለህ። ማሽኑ ጽሑፉን ከነእንቅስቃሴው ይደርብና ያለቀውን ቪዲዮ ቀጥታ ለደንበኛው ይልከዋል። የሰው እጅ አይነካው፣ የሰው ዓይን አያርፍበት። እውነቱን ልንገርህ፣ እኔ ማሽኑን አልጠላውም። ያዘዙትን ይሠራል፣ ያጠፋ እንደሆነም በሌላ አያላክክም። እንዲህ ያለ ሰው ስንት ታውቃለህ?

ቴምፕሌቶቹን ማን ሠራቸው ብለህ እንዳትጠይቀኝ። ልጅቷ ናት። እሱ ግን እንግዳ በመጣ ቁጥር ስክሪኑን ከፍቶ "ይሄን ሠራሁ፣ ይሄንንም ሠራሁ" እያለ ያስጎበኛል። እሷ ጥግ ቆማ ትሰማለች። ታዲያ ክፋት ነው ይሄ? ለሷ አዝኖላት ነው እንጂ! ምስጋናው ከብዷት ወገቧን እንዳያጎብጣት፣ ምስኪን፣ እሱ ተሸከመላት።

አንድ ቀን ሁሉም በተቀመጠበት ጥያቄ ጠየቀችው። አንተም ነበርክ... ይቅርታ፣ እንዳንተ ያለ አንድ ካሜራማን ነበረ አሉ። "ትእዛዙ ውስጥ ቴምፕሌቱ ሳይጻፍ ቢቀርስ?" አለችው። "ችግር የለም፣ ማሽኑ የምርቃቱን ይወስዳል። ከሁሉም እሱ ያምራል" አላት። "ኧረ ካልተጻፈ ይቁምና ስህተት አለ ይበለን። ሁሉም ቪዲዮ እኮ የደስታ አይደለም" አለችው። ምን ብሎ ቢመልስላት ጥሩ ነው? "አንቺ ሥዕልሽን ሳዪ!" ... አየህ ጨዋነት? ሌላ ሰው ቢሆን እኮ ይሰድባት ነበር።

ብዙም ሳይቆይ አንድ አዛውንት መምህር ሞቱ። ዕድሜያቸውን በሙሉ ጠመኔ ሲያቦኑ የኖሩ ሰው ናቸው። ተማሪዎቻቸው ተሰባስበው የመታሰቢያ ቪዲዮ አዘዙ። ልጅቷ ለሱ የሚሆን ቴምፕሌት ሠርታ አስቀምጣ ነበር፤ ነጭ ፊደል፣ ቀስ ብሎ የሚመጣ፣ ቀስ ብሎ የሚሄድ። ትእዛዙን የጻፈው ግን ብርቁ ሰው ራሱ ነው። በዚያ ቀን ደግሞ ስለዚሁ ሥርዓት ለሰዎች ንግግር ሊያደርግ ተጋብዞ ክራቫቱን እያሰረ ነበር። የትልቅ ሰው ነገር ታውቀዋለህ፣ በአንድ እጁ ክራቫት፣ በአንድ እጁ ትእዛዝ። ቪዲዮውን ጻፈ፣ ስማቸውን ጻፈ፣ ቴምፕሌቱን ሳይጽፍ ላከው። ማን ያየዋል? ማየት ቀርቷል!

አዳራሹ ውስጥ መብራት ጠፋ። የመምህሩ ፎቶ መጣ፣ ያ የሚያስለቅሰው ፒያኖ ጀመረ። ባለቤታቸው ከፊት ተቀምጠዋል። ከዚያ የመምህሩ ስም በወርቅ ቀለም እየዘለለ ገባ። ብልጭልጩ ከላይ ፊታቸው ላይ ዘነበ። "እንኳን ደስ አለዎት! መልካም ጅምር!" ይላል፣ ከነጭብጨባው። ሴትዮዋ ምን ያድርጉ? ተነሥተው ሄዱና ስክሪኑ ፊት እጃቸውን ዘርግተው ቆሙ። ባላቸውን በገላቸው ሊሸፍኑት። ብልጭልጩ በሳቸው ላይ መዝነቡን ቀጠለ። አዳራሹ ጸጥ ብሏል፣ ጭብጨባው ግን ከድምፅ ማጉያው አላቆመም። ካሜራማኑ ካሜራውን ወደ መሬት አዞረ አሉ። እጁን ይባርከው።

... ሻይህ ቀዘቀዘ። ጠጣ እንጂ።

በማግሥቱ ሥራ አስኪያጁ "ማነው ይሄን ያደረገ?" ብሎ ጮኸ። ብርቁ ሰው ሳል ሳል አለና "የግራፊክስ ስህተት ነው" አለ። ከዚህ በላይ አንዲት ቃል አልጨመረም። ደግሞስ ምን ይጨምራል? ብልጭልጩን የሣለችው እሷ አይደለችም? እስከዚያን ቀን የሱ የነበረው ሥራ በአንድ ጠዋት የሷ ሆነ። ደግ ሰው ማለት እንዲህ ነው፣ የሰውን ሀቅ አያስቀርም።

አንዲት የቆየች ሠራተኛ፣ ቪዲዮ ስትቆርጥ ዓይኗ የፈዘዘ ሴትዮ ናት፣ አላስችላት ብሎ ሥራ አስኪያጁ ጋ ገባችና ሁሉንም ነገረችው። "አንቺ ወዳጇ ነሽ፣ ያንቺን ቃል አልቀበልም" አላት። "እሱ ራሱ መጥቶ እኔ ነኝ ያጠፋሁት ካለኝ ልጅቷን ማንም አይነካትም። እስከ ቀትር እጠብቃለሁ። ካልመጣ ትሰናበታለች።" ይሄንን ብርቁ ሰውም ሰምቷል። እሱን እኮ ማንም አያባርረውም! ኮዱን ከሱ በቀር የሚያውቀው የለም። ቢበዛ ጆሮው ይቀላል። ልጅቷ ግን በዚህች ደሞዝ የታመመ አባት ታስታምማለች፣ እንዲህ ያለ ነገር አጥፍታ ተባረረች ከተባለ ደግሞ የትኛው ስቱዲዮ ይቀጥራታል? ከዚህ ወንበር ተነሥቶ እስከዚያ በር... ምላሴን ቁረጠው! ከዚያ ወንበር ተነሥቶ እስከዚያኛው በር ማለቴ ነው። ስንት እርምጃ ይሆናል?

በሩን ምን ታያለህ? አዎ፣ የኛም ልጅ ሥራ አስኪያጁ ጋ ገብታለች። አጋጣሚ ነዋ። መሥሪያ ቤት ሁሉ ልጅ አለው፣ በር አለው፣ ቀትር አለው።

ቆይ... ወንበር ተሳበ። ተነሣ እንዴ? አትዙር! ዝም ብለህ ሻይህን ያዝ። በመስታወቱ እያየሁት ነው። ተነሣ! እየሄደ ነው... አምላኬ፣ ልቤ እንዴት እንደሚመታ ብታይ። እንዲያው ስንቱን አልኩት፣ አፌን በቆረጠው። ሰው ነው ለካ። ሰው እኮ...

ውሃ ሊቀዳ ነው።

ቀዳ። ጠጣ። ተመለሰና ተቀመጠ። ጆሮ ማዳመጫውንም አጠለቀ። እኔ ደግሞ እዚህ ዕድሜዬ ላይ ደርሼ ሰው ተነሣ ብዬ ደስ ይለኛል!

ወጣች። በሩ ተከፈተ፣ ወጣች። አላለቀሰችም፣ እያት። ፊቷ አመድ መስሏል እንጂ ዕንባ የለውም። ዕቃዋን ልትሰበስብ ነው። መሣያ ብዕሯን፣ ሹራቧን፣ ያቺን ኩባያዋን። ተነሥና ካርቶን ፈልግላት እንጂ ምን ትጎለታለህ! ቆይ፣ ቆይ... ወደሱ ሄደች። ምን ልትለው ይሆን? "ደህና ዋል" አለችው። ሰማህ? ደህና ዋል! እሱም ማዳመጫውን ከአንድ ጆሮው ላይ ገለጥ አድርጎ ምን አላት? "አይዞሽ፣ ያጋጥማል።"

ያጋጥማል! ... እውነቱን ነው። ልክ እንዲህ ሲያጋጥም እኔም አየሁ።

አይ፣ አልሰድብም። ተወኝ፣ እጄን ልቀቀኝ፣ አልጮህም። በእርግማንም አላምንም፣ እናቴ መራቂ አድርጋ ነው ያሳደገችኝ። ያ የነገርኩህ የሌላ መሥሪያ ቤት ሰው ልጆች አሉት አሉ። ሁለት፣ ሲያዩዋቸው ልብ የሚያሞቁ፣ ጨዋዎች። እነሱ ምን አደረጉኝ? እንዲያውም ስለነሱ ልመርቅና አንተ አሜን እያልክ ተቀበለኝ። እግዜር ያሳድግለት። ከክፉ ይሰውርለት። እንደዚህች ልጅ እጃቸው የተባረከ፣ ለሥራቸው የሚሳሱ ያድርግለት። ተምረው፣ ሥራ ይዘው፣ ለወግ ለማዕረግ በቅተው በዓይኑ ያሳየው። እናም በሄዱበት ሁሉ፣ በገቡበት መሥሪያ ቤት ሁሉ፣ ልክ እንደ አባታቸው ያለ አለቃ አያሳጣቸው።