የሚቀርጸው ሰውዬ

ዳንግላ ውስጥ ቪዲዮ ቤት በነበረኝ ጊዜ ነው። የፈረንጅ ፊልም እከፍትና በማይክራፎን እየተረጎምሁ አሳያለሁ። አንድ ቀን በሰሜን ዋልታ፣ ባሕሩ ሳይቀር በረዶ በሚሆንበት አገር ስለሚኖሩ አዳኞች የተሠራ ዘጋቢ ፊልም ከፈትሁ። አንዱ አዳኝ የቆመበት በረዶ ተገንጥሎ ወደ ባሕሩ መሐል ሲወስደው መብራት ድርግም አለ። ሰዉም እያጉረመረመ ተበተነ።

በማግስቱ ከጎኔ ሽንኩርት የሚሸጡት እትዬ ጥሩዬ መጡና "ሰውዬው ወጣ?" አሉኝ። ፊልሙን እስከ መጨረሻው አላየሁትም። ጭንቀታቸውን ሳይ ግን "በጀልባ ደርሰውለት ወጥቷል" አልኋቸው።

"እሰይ! የሚቀርጸውስ?"

"ማን የሚቀርጸው?"

"ከአጠገቡ ሆኖ ይኼን ሁሉ የሚቀርጸው ነዋ! አዳኙስ አገሩ ነው፣ ብርዱን ለምዶታል። ያኛው የሰው አገር ሰው፣ ያውም እጁ ካሜራ ይዞ። እኔ የጸለይሁት ለእሱ ነው።"

ያን ሁሉ ዓመት ፊልም ሳሳይ፣ ካሜራ የያዘውን ሰው አንድ ቀን አስቤው አላውቅም። አፈርሁ። መብራት ሲመጣ ሁለታችን ተቀምጠን ፊልሙን ጨረስነው። አዳኙ እውነትም በጀልባ ወጣ፤ ሚስቱ እያለቀሰች አቀፈችው። የሚቀርጸው ሰውዬ ግን የትም አልታየም።

"እትዬ፣ እሱም ወጥቷል" አልሁ። "ባይወጣ ይኼን ማን ይቀርጸው ነበር?"

ነጠላቸውን አስተካክለው ተነሡ።

"ሌላ ቀጥረው ይሆናላ" አሉኝ።