የጫማ ፎቶ

በስደት አገር፣ ማታቱ በሚሉት ሚኒባስ ውስጥ፣ ከኋላዬ አንዲት ሴትዮና አንድ ካሜራ የያዘ ወጣት በአማርኛ ያወራሉ።

«የቅዳሜውን ቀብር አነሳኸው ልጄ? የሟቹን እናት አዲስ አበባ መርዶ ሲያረዷት መጀመሪያ የምትጠይቀው ፎቶውን ነው።»

«አነሳሁ እትዬ። የመቃብር ቦታው ዘበኛ ፈቃድ አምጣ አለኝ፤ ከቢሮ አመጣሁ። የሌላ ሰው መቃብር እንዳትረግጥ፣ የሌላ ሰው ለቅሶ እንዳታነሳ አለኝ፤ እሺ አልኩ።»

«ደግ አደረገ።»

«ያስቸገሩት የኛዎቹ ናቸው። ካሜራውን ሳወጣ ሁሉም ፊቱን አዞረ። ደርግ ፖስታ ይከፍታል፣ አገር ቤት ዘመድ አለን አሉ። አልነሳም ያላለው ሟቹ ብቻ ነው።»

«ታዲያ ባዶ መቃብር ልትልክላት ነው? ልጄ ቀባሪ አጣ ብላ ትሙት?»

«ኧረ ባዶስ አይደለም! ጎንበስ ብዬ እግር እግራቸውን አነሳሁ። መቃብሩን ዙሪያውን ጫማ ከቦታል።»

«ጎበዝ! በጫማ ማን ማንን ይለያል?»

«አንዱ ብቻ ይለያል። ቀኙን በጥቁር፣ ግራውን በቡናማ ማሰሪያ ያሰረ ሰውዬ ነበር። እሱን እንኳን ካድሬ ማንም ያውቀዋል።»

እግሮቼን ቀስ ብዬ ወደ ወንበሩ ሥር ሰበሰብኳቸው።